ማን ወደቀ? ማንስ ጣለው? (ስለ ድምፅ አልባው ኮሜዲና ስለ ከተማ ሣቅ)

ሰው ሲወድቅ ሰው ይሥቃል። ይህ በየአገሩና በየዘመኑ ያለ ነገር ነው። በክረምት ጭቃ ያንሸራተተው መንገደኛ ሲዘረር ያየ ሁሉ፣ ከማዘኑ በፊት ሣቁ ያመልጠዋል፤ ሐዘኔታው የሚከተለው ወዳቂው ሳይነሣ የቀረ እንደ ሆነ ብቻ ነው። አበው «በወደቀ ግንድ ምሳር ይበዛበታል» ሲሉ ይህንኑ የሰውን ጠባይ መታዘባቸው ነው። እንግዲህ በመውደቅ ላይ የተመሠረተ ጥበብ ገና ከመነሻው አንድ ከባድ ጥያቄ ይጠብቀዋል። ሣቁ በማን ላይ ነው? በወደቀው ላይ ነው ወይስ በጣለው ላይ?

ይህን ጥያቄ በሚገባ ከመለሱት የኪነ ጥበብ ዘርፎች አንዱ፣ በሃያኛው ምዕተ ዓመት መጀመሪያ ዐሥርታት የበለጸገው ድምፅ አልባ የኮሜዲ ፊልም ነው። ዛሬ ብዙ ሰው ይህን ዘርፍ የሚያስታውሰው ባርኔጣና ከዘራ፣ ሩጫና ግልምጫ፣ ፊት ላይ የሚለጠፍ ኬክ አድርጎ ነው። የሕፃናት መዝናኛ ነው ብሎ የሚያልፈውም አይጠፋም። ነገሩን ጠጋ ብሎ ለመረመረ ግን ሌላ ነገር ይገለጥለታል። ይህ ጥበብ አዲስ የተፈጠረውን የከተማ ኑሮ፣ ማለትም ፎቁን፣ ፋብሪካውን፣ ሰዓቱን፣ ፖሊሱንና ሰልፉን፣ ከአንድ ተራ ሰው ገላ ጋር አጋጭቶ ፍርድ ያሰጠ ችሎት ነበር። ፍርዱም ብዙውን ጊዜ የወጣው በከተማው ላይ እንጂ በሰውየው ላይ አልነበረም። (በዚህ ጽሑፍ የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።)

አጀማመሩን ማስታወስ ይጠቅማል። የሉሚየር ወንድማማቾች በታኅሣሥ ወር 1895 ፓሪስ ላይ ለሕዝብ ካሳዩአቸው አጫጭር ፊልሞች መካከል አንዱ ቀልድ ነበር። አንድ አትክልተኛ ውሃ ሲያጠጣ አንድ ልጅ ከኋላው መጥቶ ጎማውን ይረግጥበታል፤ ውሃው ሲቆም አትክልተኛው ምን እንደ ሆነ ለማየት ወደ አፉ ሲያስጠጋው ልጁ እግሩን ያነሣል፤ አትክልተኛውም ፊቱ ይረጥባል። የሲኒማ ሣቅ የተወለደው እንግዲህ ሥራውን በሚሠራ ሰው ላይ ነው። በ1912 ማክ ሴኔት ኪስቶን የተባለውን የፊልም ኩባንያ በአሜሪካ ሲያቋቁም ይህንኑ ቀልድ አባዛው፤ ሩጫውን አፈጠነው፤ አንዱ ሲወድቅ ዐሥሩ እንዲወድቁ አደረገ። በኪስቶን ፊልሞች ውስጥ ፖሊሶቹ ከመኪናቸው ተንጠልጥለው ይፈሳሉ፤ ሁሉ ይመታል፤ ሁሉ ይመታበታል። ሣቁ ብዙ ነበር፤ ነገር ግን ገና ዓላማ አልነበረውም። ማን እንደ ወደቀ ይታያል፤ ማን እንደ ጣለው ግን የሚጠይቅ የለም።

ጥያቄውን ያመጡት ከዚሁ ጫጫታ ውስጥ የወጡ ሦስት ሰዎች ናቸው፦ ቻርሊ ቻፕሊን፣ በስተር ኪተንና ሃሮልድ ሎይድ። ጊዜውም ምቹ ነበር። በ1920 በተደረገው ቆጠራ በአሜሪካ ታሪክ ለመጀመሪያ ጊዜ በከተማ የሚኖረው ሕዝብ በገጠር ከሚኖረው በልጦ ተገኘ። ወደ ሲኒማ ቤት የሚገባው ተመልካች፣ እርሻውን ትቶ የመጣ ወጣት ወይም ባሕር ተሻግሮ የመጣ፣ እንግሊዝኛው ገና ያልተሟላለት ስደተኛ ነበር። ፊልሙ ድምፅ ስላልነበረው ሁሉም እኩል ያነበው ነበር። የተመልካቹ ችግር በመጋረጃው ላይ ካለው ሰው ችግር ጋር አንድ ነበር፤ እርሱም በከተማ ውስጥ ሳይወድቁ መቆም ነው።

የሎይድን «ሴፍቲ ላስት» (1923) ማየት ይበቃል። ታሪኩ ለኢትዮጵያዊ አንባቢ እንግዳ አይደለም። አንድ የገጠር ወጣት ሰው ሆኖ፣ ገንዘብ ይዞ፣ እጮኛውን ሊያገባ ቃል ገብቶ ወደ ትልቅ ከተማ ይሄዳል። ያገኘው ሥራ በአንድ መደብር ውስጥ ጨርቅ መሸጥ ነው። በደብዳቤው ግን ትልቅ ሰው እንደ ሆነ ይጽፋል፤ ደመወዙን አሟጦ ጌጥ ገዝቶ ይልካል፤ የቤት ኪራይ ሲጠየቅ ይደበቃል። እጮኛው በድንገት ስትመጣ ውሸቱን እውነት ለማድረግ ገንዘብ ያስፈልገዋል። ስለዚህ ለመደብሩ ማስታወቂያ እንዲሆን አንድ ሰው ፎቁን በውጭ በኩል እንዲወጣ ያዘጋጃል። ግድግዳ መውጣት የሚያውቀው ጓደኛው ነበር፤ ጓደኛውን ግን ፖሊስ ያባርረዋል። ወጣቱ «አንድ ፎቅ ብቻ ውጣ፤ ከዚያ እተካሃለሁ» ይባላል። አንዱ ፎቅ ሁለት ይሆናል፤ ሁለቱ ሦስት ይሆናል። እርግብ ይወርርበታል፤ መረብ ይጠመጠምበታል፤ አይጥ በሱሪው ውስጥ ትገባበታለች። በትልቁ የሕንፃ ሰዓት ቈጣሪ ዘንግ ላይም ተንጠልጥሎ ከበታቹ የከተማው መንገድ እንደ ገደል ተከፍቶ ይታያል።

ይህ ምስል በዓለም ሁሉ የታወቀው በአስደንጋጭነቱ ብቻ አይደለም። የከተማ ሰው ኑሮ ምን እንደ ሆነ ያለ አንዳች ቃል ስለ ተናገረ ነው። «አንድ ፎቅ ብቻ» የሚለው ተስፋ፣ ወር ደርሶ ወር በተተካ ቁጥር የሚታደስ የደመወዝተኛው ተስፋ ነው። ሰዓቱም ሰውየውን ቀኑን ሙሉ የሚገዛው ጌታ ነው፤ አሁን ደግሞ ብቸኛ መያዣው ሆኗል። ተመልካች ይሥቃል፤ ነገር ግን ባላገር ስለ ሆነ አይሥቅበትም። ባላገሩ ደፋር ነው፤ ብልህ ነው፤ የማያስፈልገውን ፎቅ እንዲወጣ ያደረገው ያልሆነውን መስሎ እንዲታይ የሚያስገድደው ከተማ ነው። ሎይድ ይህን ሲሠራ፣ በ1919 ለፎቶግራፍ በያዘው ፈንጂ የቀኝ እጁን አውራ ጣትና አመልካች ጣት አጥቶ ነበር። በዚያ ጎዶሎ እጅ ነው የተንጠለጠለው።

ኪተን ከሎይድ የተለየ ነው። ከሕፃንነቱ ጀምሮ በወላጆቹ የመድረክ ትርኢት ላይ እየተወረወረ ያደገ በመሆኑ መውደቅን እንደ ሌላው ሰው መራመድን ያውቅ ነበር። ፊቱ አይሥቅም፤ አያለቅስም። «ዋን ዊክ» በተባለው አጭር ፊልሙ (1920) አዲስ ሙሽሮች ቤት በስጦታ ይሰጣቸዋል። ቤቱ ተቈራርጦ፣ በሣጥን ታሽጎ፣ በየሣጥኑ ቁጥር ተጽፎበት የመጣ ነው፤ መመሪያውን ተከትሎ መገጣጠም ነው። አንድ ቅናተኛ ቁጥሮቹን ይለዋውጣቸዋል። ሙሽራው መመሪያውን በታማኝነት ይከተላል፤ በሩ ከላይኛው ፎቅ ወደ ባዶ አየር የሚከፈት፣ መስኮቱ የተወላገደ፣ ጣራው የማይገጥም ቤት ይቆማል። ዐውሎ ነፋስ ሲመጣ ቤቱ እንደ እንዝርት ይሽከረከራል። በመጨረሻም በሌላ ሰው መሬት ላይ እንደ ተሠራ ይነገራቸዋል፤ ሲጎትቱት በባቡር ሐዲድ ላይ ይቆምባቸዋል። ባቡሩ እየፎገላ ይመጣል፤ ዐይናቸውን ይሸፍናሉ፤ ባቡሩ በጎን ባለው ሐዲድ ያልፋል። «ተመስገን» ሳይሉ ከወዲያ የመጣ ሌላ ባቡር ቤቱን ሰባብሮት ይሄዳል። ሙሽራው በፍርስራሹ ላይ «የሚሸጥ» የሚል ሰሌዳ ያቆማል፤ መመሪያውንም አብሮ ያስቀምጣል፤ የሚስቱን እጅ ይዞ ይሄዳል።

በአዲስ አበባ ኮንዶሚኒየም የደረሰው ሰው ይህን ፊልም ቢያይ ትርጓሜ አያሻውም። ቤቱ በዕጣ ይወጣል፤ በቁጥር ይታወቃል፤ የአኗኗሩ መመሪያ ግን ለማን እንደ ተጻፈ አይታወቅም። በአራተኛ ፎቅ ቡና የሚወቀጥበት ሙቀጫ የሦስተኛውን ፎቅ እንቅልፍ ይነሣል። የፋሲካው በግ ደረጃ ይወጣል። ለቅሶ ሲሆን ድንኳኑ የመኪና ማቆሚያውን ይይዛል። ነዋሪው ቤቱን አልተሳሳተም፤ ቤቱ ነው ነዋሪውን የተሳሳተው። የኪተን ጥበብ የሚያስተምረው ይህንኑ ነው። ሰውየው መመሪያውን ሳያጓድል ፈጽሟል፤ ስሕተቱ ያለው በቁጥሩ ላይ ነው።

ቻፕሊን ደግሞ ነገሩን እስከ ዳር ወሰደው። በ1889 ለንደን የተወለደው ይህ ሰው እናቱ በአእምሮ ሕመም፣ ቤተ ሰቡ በድህነት ተጐሳቁለው፣ በሰባት ዓመቱ ወደ ድኾች መጠለያ የገባ ነበር። ከርታታው የተባለው ገጸ ባሕርዩ በ1914 በመጋረጃ ላይ ታየ፤ ሱሪው የሰፋ፣ ኮቱ የጠበበ፣ ጫማው የማይመጥን፣ ነገር ግን ባርኔጣውን አንሥቶ ሰላምታ መስጠት የማይረሳ ሰው። ልብሱ ራሱ ታሪክ ነው፤ የከተማው ልብስ አንዱም በልኩ አልተሰፋለትም።

«ሞደርን ታይምስ» የተባለው ፊልሙ በኒው ዮርክ የታየው በየካቲት ወር 1936 ነው። ሲኒማ መናገር ከጀመረ ስምንት ዓመት አልፎት ነበር፤ ቻፕሊን ግን ከርታታውን ማናገር እምቢ አለ። በፊልሙ ውስጥ ድምፅ የሚሰማው ከመሣሪያ ብቻ ነው። የፋብሪካው ባለቤት በግድግዳው መስኮት ብቅ ብሎ ፍጥነት እንዲጨመር ያዝዛል፤ ሻጩ ራሱ አይናገርም፤ የሸክላ ማጫወቻው ነው የሚናገርለት። ሠራተኞቹ ዝም ይላሉ። ከርታታው ሳይቆም በሚጓዘው የሥራ መስመር ላይ ብሎን ያጠብቃል። ለማከክ እጁን ቢያነሣ ሥራው ያመልጠዋል፤ ዝንብ ፊቱ ላይ ቢያርፍ መስመሩ ይዘበራረቃል። የምሳ ሰዓትን ለማሳጠር ሠራተኛን የሚያበላ መሣሪያ ተሠርቶ ይሞከርበታል። መሣሪያው ሲበላሽ ሾርባውን ደረቱ ላይ ይደፋል፤ ብሎን ያጐርሰዋል፤ አፉን የሚጠርገው ክፍል ግን ያለ ስሕተት በየጊዜው እየመጣ አፉን ይጠርገዋል። ሣቁ እዚህ ላይ ነው። ማሽኑ ጨዋነትን ተምሯል፤ ርኅራኄን አልተማረም። በመጨረሻ ከርታታው ያብዳል፤ ብሎን የመሰለውን ሁሉ ማጥበቅ ይጀምራል፤ የሴት ቀሚስ አዝራር ሳይቀር።

የካቲት 1936 ለኢትዮጵያ ሌላ ትርጕም ያለው ወር ነው። ፊልሙ በታየ በሳምንቱ የአምባ አራዶም ውጊያ ተጀመረ፤ የኢጣሊያ አይሮፕላን የመርዝ ጋዝ ከሰማይ ያዘንም ነበር። ሦስት ወር ሳይሞላ አዲስ አበባ ተያዘች። ቻፕሊን ስለ ኢትዮጵያ አልሠራም። ቢሆንም ሰውን ለማሽን የሚያስገብረው ሥርዓት በፋብሪካ ውስጥ ምን እንደሚመስል በሚያሳይበት ሰሞን፣ የዚያው ሥርዓት ሌላው ፊት በትግራይ ተራሮች ላይ ይታይ ነበር። አንባቢው ሁለቱን አጠገብ ለአጠገብ ቢያኖራቸው ሣቁ ለምን እንደዚያ እንደ መረረ ይገባዋል።

እዚህ ላይ ፊቱን ወደ አገር ቤት ማዞር ይገባል። በአዲስ አበባ መጀመሪያ ከተከፈቱት ሲኒማ ቤቶች አንዱን ሕዝቡ «የሰይጣን ቤት» ብሎ ጠራው። ስሙ ብዙ ጊዜ ለኋላ ቀርነት ማስረጃ ሆኖ ይጠቀሳል፤ በሌላ በኩል ግን ብልህ ስም ነው። ሥጋ የሌለው ሰው በግድግዳ ላይ ሲሮጥ ያየ ሰው፣ አዲሱ ዘመን ገላን ከነፍስ እየለየ እንደ መጣ ቢጠረጥር ምን ያስደንቃል? በዚያው ዘመን፣ በ1920 ገደማ፣ ሩሲያ ተምረው የመጡት ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም «ፋቡላ፦ የአውሬዎች ኮሜዲያ» የተባለውን ተውኔት ጻፉ። የዘመናዊው የኢትዮጵያ ቴአትር እንግዲህ የጀመረው በኮሜዲ ነው። አውሬዎች እየተናገሩ የሹማምንትን ግፍ አጋለጡ፤ ተውኔቱም ታገደ። ሣቁ ወደ ላይ ያነጣጠረ ስለ ነበር ነው የታገደው።

ነገር ግን «ፋቡላ» የአንደበት ኮሜዲ ነው። ያገራችን ሣቅ ከጥንት ጀምሮ መኖሪያው ምላስ ነው። የአለቃ ገብረ ሐና ቀልድ እስከ ዛሬ የሚነገረው በቃላት መገለባበጥ ነው። አዝማሪው ሰሙን አስቀድሞ ወርቁን ያስከትላል፤ ቅኔ ዘራፊው ተሰብሳቢውን የሚያነቃው በኅብረ ቃል ነው። መንግሥቱ ለማ በ1960ዎቹ የታወቁትን «ጠልፎ በኪሴ»ንና «ያላቻ ጋብቻ»ን ሲጽፍም ጉልበቱ ንግግር ነበር። አንደኛው የጥንቱን ጠለፋ በዘመናዊቱ ከተማ ውስጥ አምጥቶ ያሥቃል፤ ሁለተኛው በውጭ አገር ተምሮ የመጣውን የመኳንንት ልጅ ከባላገር ኑሮ ጋር ያጋጥማል። በሁለቱም ሣቁ የሚወድቀው ዘመናዊ ነኝ፣ ትልቅ ነኝ በሚለው ላይ ነው። መንግሥቱ ለማ በመሣሪያው ከቻፕሊን ቢለይም በዒላማው ዘመዱ ነው።

ይህ ዒላማ ከዚያ በኋላ ምን ሆነ? ከመንግሥቱ ለማ ወዲህ በመድረክ፣ በሬዲዮና በቴሌቪዥን ከቀረቡት የከተማ ኮሜዲዎች ብዙዎቹ የሚሥቁት በአንድ ሰው ላይ ነው፤ ከገጠር ገና በመጣው ሰው ላይ። አነጋገሩ ያሥቃል፤ ልብሱ ያሥቃል፤ ሊፍት ሲያይ መደንገጡ ያሥቃል። አማርኛው የሌላ ቋንቋ ለዛ ካለበትማ ሣቁ እጥፍ ይሆናል። ተዋናዩ አንድን ድምፅ አወላግዶ መጥራት ብቻ ይበቃዋል፤ አዳራሹ ይፈርሳል። ይህ ኮሜዲ ሰነፍ ከመሆኑም በላይ ጨካኝ ነው። በሎይድ ፊልም ባላገሩ የሚወጣው ግድግዳ በእነዚህ ኮሜዲዎች የለም። ባላገሩ ብቻ አለ። ጭቃው፣ ሰልፉ፣ ኪራዩ፣ ደላላው፣ ሹሙ ከመድረክ ውጭ ናቸው። ወዳቂው ታይቷል፤ የጣለው ግን ወንበር ይዞ ከተመልካች መካከል ተቀምጦ ይሥቃል።

ነገሩን በምሳሌ ማየት ይሻላል፤ ለምሳሌው ሸጎሌ ትመቻለች። የጎጃም መንገድ ከእንጦጦ ጀርባ፣ ከሱሉልታ ወርዶ በአዲሱ ገበያ በኩል ወደ ከተማው ይገባል፤ ሸጎሌ ከዚያ ሩቅ አይደለችም። የከተማ አውቶቡሶች የሚያድሩበት ዴፖም እዚያ አለ። አንድ ሽማግሌ ጋቢያቸውን ተከናንበው፣ ዱላቸውን ይዘው፣ ለልጃቸው ቅቤ በቅል ቋጥረው፣ ከሸጎሌ አውቶቡስ ይሳፈራሉ ይባል። እንደ አገራቸው ወግ ሰው ካለበት ሲገቡ ሰላምታ ሳይሰጡ አይቀመጡም። ስለዚህ ተሳፋሪውን አንድ በአንድ «እንደምን አደራችሁ» እያሉ እጅ ይነሣሉ፤ ይጨብጣሉ።

በተለመደው ኮሜዲ ታሪኩ እዚህ ያበቃል። ተሳፋሪው ይሣሣቃል፤ አንዱ አነጋገራቸውን ይደግማል፤ ረዳቱ «አባባ፣ ይህ ሠርግ ቤት አይደለም» ይላቸዋል፤ ቅቤው ይደፋል፤ ተመልካች ይሥቃል። ከዚህ ሣቅ የሚቀረው ትርፍ ምንድን ነው? ሰላምታ ማወቅ እንደሚያሳፍር መማር ብቻ።

ያንኑ ነገር በድምፅ አልባው ኮሜዲ ሥርዓት ማየት ይቻላል። አውቶቡሱ ጢም ብሎ ሞልቷል። ተሳፋሪው ሁሉ በአንድ እጁ ከላይ ያለውን ብረት፣ በሌላው ስልኩን ይዟል፤ ለሰላምታ የተረፈ እጅ የለም። ሽማግሌው ለመጀመሪያው ሰው እጃቸውን ይዘረጋሉ። ሰውየው ጨዋ ነው፤ ብረቱን ይለቅቃል። በዚያች ቅጽበት ሾፌሩ ፍሬን ይይዛል፤ ጨዋው ሰው በሁለተኛው ላይ ይወድቃል። ሽማግሌው ለሁለተኛው እጃቸውን ይዘረጋሉ፤ እርሱም ብረቱን ለቅቆ ይጨብጣል፤ በሦስተኛው ላይ ይወድቃል። ሰላምታው እስከ ኋላ መቀመጫ ይደርሳል፤ በመጨረሻ አውቶቡሱ ሙሉ ሰው ወለሉ ላይ ተደራርቧል። ዱላቸውን ተክለው የቆሙት እርሳቸው ብቻ ናቸው፤ ቅሏም አልፈሰሰች። ሾፌሩ በመስተዋቱ ወደ ኋላ ሲያይ አንድ ሽማግሌ ብቻ ቆሞ ያያል። አውቶቡሱ ባዶ መሰለው፤ ፌርማታው ላይ አቁሞ በሩን ይከፍታል። በሩ ላይ የሚጋፋው ሰው ይገባል። ሽማግሌው ለአዲስ ገቢዎቹ እጃቸውን ይዘረጋሉ።

ሰውየው ያው ነው፤ ሰላምታውም ያው ነው፤ ሣቁ ግን ቦታውን ለውጧል። አሁን የሚያሥቀው ሽማግሌው ሰላምታ መስጠታቸው አይደለም፤ ሰላምታን የሚመልስ እጅ ያጣ ከተማ ነው። የወደቁት ከተሜዎችም አልተናቁም፤ ጨዋነታቸው ነው የጣላቸው። ተጠያቂው ሰውን እንደ ማገዶ የሚያጭቀው አውቶቡስና ባዶውን ከሙሉው የማይለየው መስተዋት ነው። በድምፅ አልባው ኮሜዲ «አካላዊ ቀልድ» ማለት ይህ ነው እንጂ ዝም ብሎ መውደቅ አይደለም። አወዳደቁ ምክንያት አለው፤ ምክንያቱ ይታያል፤ ከታየም በኋላ አይረሳም።

አንዳንድ ሐያስያን ይህ የፈረንጅ ጥበብ ነው፣ ኢትዮጵያዊ ጨዋ ገላውን ሳይሆን ቃሉን ነው የሚያጫውት ሊሉ ይችላሉ። ታሪኩ ግን አያስኬዳቸውም። የምላስ ቀልድ ንጉሥ የሆኑት አለቃ ገብረ ሐና ራሳቸው፣ የጣና ዳር ሸምበቆና ማዕበል ሲወዛወዝ ተመልክተው አዲስ የአቋቋም ስልት እንደ ፈጠሩ ይነገርላቸዋል፤ ስልቱም በልጃቸው ስም «ተክሌ አቋቋም» ይባላል። እስክስታ በትከሻ ብቻ ምን ያህል ነገር እንደሚናገር የማያውቅ የለም። አባባ ተስፋዬ ተብለው የሚታወቁት ተስፋዬ ሣህሉ ሴት ተዋናይት ባልነበረችበት ዘመን የሴት ገጸ ባሕርይ ይጫወቱ ነበር። ገላ መናገሩን አልተወም፤ የተወው ጸሐፌ ተውኔቱ ነው። በብዙ ተውኔቶቻችን ውስጥ ተዋናዩ መጥቶ ይቀመጣል፤ ይናገራል፤ ተነሥቶ ይሄዳል። በመቀመጥና በመነሣት መካከል ገላው ሥራ የለውም።

በሌላ በኩል ድምፅ አልባውን ኮሜዲ እንዳለ ማምለክ አይገባም። ያ ጥበብ ለተራው ሰው የሰጠውን ክብር ለሁሉ አላደረሰውም። ኪተን በ1927 በሠራው «ኮሌጅ» በተባለው ፊልም ውስጥ ፊቱን ጥላሸት ቀብቶ እንደ ጥቁር አስተናጋጅ ሲጫወት ይታያል፤ በዘመኑ በነበሩት ሌሎች ኮሜዲዎችም ጥቁር ሰው የሚገባው ለመደንገጥና ለማሥቅ ብቻ የነበረበት ጊዜ ብዙ ነው። ነጩን ባላገር ከመሣቂያነት ያወጣው ካሜራ ጥቁሩን ሰው እዚያው ተወው። አፍሪካዊ ተመልካች ይህን ማየትና መናገር አለበት፤ ይህን ማየቱም ለራሱ ቤት ያስጠነቅቀዋል። በገዛ ከተማችን በአነጋገሩ የሚሣቅበት ሰው፣ በዚያ ካሜራ ፊት እንደ ቆመው ጥቁር አስተናጋጅ ነው። መሣቂያ የሚያደርገው የሠራው ነገር ሳይሆን የመጣበት ቦታ ነው።

በ«ሞደርን ታይምስ» መጨረሻ አካባቢ ከርታታው በአንድ ምግብ ቤት እንዲዘፍን ይታዘዛል። ግጥሙን እንዳይረሳ በእጅጌው ላይ ጽፎታል፤ ሲገባ እጁን ሲወረውር እጅጌው በርሮ ይጠፋል። በሲኒማ ታሪክ ድምፁ ለመጀመሪያ ጊዜ የሚሰማበት ያ ሰው፣ የትኛውም አገር የማይናገረው ቋንቋ እየፈጠረ ይዘፍናል። ቃሉ ለማንም አይገባም፤ ነገሩ ግን በእጁ፣ በዐይኑ፣ በወገቡ ስለሚነገር ለሁሉም ይገባል። ከሰማንያ የማያንሱ ቋንቋዎች በሚነገሩባት አገር፣ ሁሉም ቋንቋ በሚሰማባት ከተማ፣ ከዚህ የሚበልጥ ትምህርት ለኮሜዲ ጸሐፊ የለም። አነጋገርን የሚያላግጥ ቀልድ አዳራሹን ለሁለት ይከፍለዋል፤ የሚሥቅና የሚሣቅበት። ገላ የሚናገረው ቀልድ ግን ከዶርዜ መጥቶ በሽሮ ሜዳ ሸማ ለሚሠራውም፣ ከጎጃም መጥቶ ቀን ሥራ ለሚሠራውም፣ እዚሁ ተወልዶ ላደገውም አንድ ነው።

ሸጎሌ የሚለው ስም ራሱ እንደሚነገረው ከሼኽ ኾጀሌ አል ሐሰን ስም የመጣ ነው። የቤላ ሻንጉሉ ገዥ፣ የወርቅ አገር ጌታ፣ አዲስ አበባ ላይ የነበራቸው ቤት በዚያ ሰፈር ነው። የከተማው ምላስ የእንግዳውን ስም በትክክል መጥራት አልሆነለትም፤ «ሼኽ ኾጀሌ» ብሎ ጀምሮ «ሸጎሌ» ብሎ ጨረሰ። የሰው ስም እንዲህ ሲወላገድ ከተሜው ራሱን አልሣቀበትም፤ የሰፈር ስም አደረገው፤ ትውልድ ከትውልድ ይጠራዋል። የመጤውን አማርኛ የሚያላግጥ ቀልደኛ በየቀኑ ወደ ቤቱ የሚገባው የሌላውን ስም ባወላገደ ስም እየተጠራ በሚደርስ አውቶቡስ ነው።

ስለዚህ ኮሜዲ ጸሐፊው ከድምፅ አልባው ዘመን የሚበደረው ባርኔጣና ከዘራ ሊሆን አይገባም። የሚበደረው አንድ የሥራ ልማድ ነው። አንድን ሰው በመድረክ ላይ ከመጣሉ በፊት፣ እንዲወድቅ የሚያደርገውን ነገር አስቀድሞ በመድረክ ላይ ያቁመው፤ ለሁሉም እንዲታይ ያድርገው። ተዋናይ የሚያሠለጥኑ ተቋማትም ከንግግር ጥራት ጋር አብረው መራመድን፣ መሸከምን፣ መሰለፍን፣ መውደቅንና መነሣትን እንደ ትምህርት ቢያስቡት ይጠቅማሉ። ያን ጊዜ የከተማ ኮሜዲያችን አንደበቱን ሳይጥል ገላውን ያገኛል። ተመልካቹም ከአዳራሽ ሲወጣ፣ በመንገዱ ላይ የወደቀ ሰው ሲያይ፣ ከሣቁ በፊት ወይም ከሣቁ ጋር፣ ጭቃው ከየት እንደ መጣ ቀና ብሎ መመልከት ይለምዳል።